የመጨረሻዋ ፍሬ

ድሬዳዋ ውስጥ ከምሳ በኋላ ያለው ሰዓት ከሌሊቱ የበለጠ ጸጥ ይላል። ባለሱቆች በራቸውን ገርበብ አድርገው ይጋደማሉ፤ ባጃጆች በኒም ዛፎች ጥላ ሥር ተኮልኩለው ሾፌሮቻቸው እግራቸውን ወደ ውጭ ዘርግተው ያንቀላፋሉ፤ ደረቁ የአሸዋ ወንዝ እንደ ጋለ ብረት ያንጸባርቃል፤ ውሾቹ እንኳ የሚጮሁበት ጉዳይ ያጣሉ። አስናቀ ለብዙ ዓመታት በዚህ ሰዓት ቤቱ ውሎ አያውቅም ነበር። የጭነት መኪና ሾፌር ነውና ብዙውን ጊዜ የሚገኘው የጅቡቲ መንገድ ላይ፣ መስኮቱን ከፍቶ፣ ትኩስ ነፋስ ፊቱን እየገረፈው ነበር። ጭነት ሲያስር ከመኪናው አናት ተንሸራትቶ ወድቆ ቀኝ እግሩ ከተሰበረ ወዲህ ግን ከምሳ በኋላ ቤቱ ምን እንደሚመስል በደንብ ተማረ።

ቤቱ ከዚራ ሰፈር ውስጥ በባቡሩ ዘመን ከተሠሩት አንዱ ነው። ግድግዳው ወፍራም፣ ጣሪያው ሩቅ፣ መስኮቶቹ የእንጨት መዝጊያ ያላቸው ናቸው። ከፊት በረንዳ ተነስቶ እስከ ጓሮ በር የሚዘልቅ አንድ ረጅም ኮሪደር ቤቱን ለሁለት ይከፍለዋል፤ ክፍሎቹ በግራና በቀኝ ይደረደራሉ፤ ኮሪደሩ መታጠቢያ ቤቱ ጋ ሲደርስ ያለ ምንም ምክንያት እንደ ክርን ይታጠፍና ከዚያ ቀጥ ብሎ ይሄዳል። ሙቀቱ እንዳይገባ መዝጊያዎቹ ሁሉ ስለሚዘጉ፣ ውጭ ፀሐይዋ ድንጋይ በምታቀልጥበት ሰዓት ውስጡ እንደ ጉድጓድ ይጨልማል። የቤቱ ሽታ የሚነሳው ያኔ ነው፤ የአሮጌ ጣውላ፣ የኖራ፣ ወጥ ቤት ውስጥ በፌስታል የተቀመጠ የበሰለ ዘይቱን።

ሚስቱ ወሰንየለሽ መድኃኒት ቤት ውስጥ ትሠራለች፤ ጠዋት ወጥታ አመሻሽ ላይ ነው የምትመለሰው። ልጃቸው ማኅቶት ሁለተኛ ክፍል ናት። ከትምህርት ቤት ስትመለስ መጀመሪያ ጓሮ ላሉት ጫጩቶቿ ጥሬ ትበትናለች፣ ቀጥሎ ምሳዋን ትበላለች፣ ከዚያ ከጓሮው በር አጠገብ ባለችው ክፍሏ ገብታ ትተኛለች። አስናቀ ደግሞ ሳሎን ውስጥ የተሰበረ እግሩን ትራስ ላይ ሰቅሎ፣ ክራንቹን አጠገቡ አስደግፎ፣ ላፕቶፑን ጭኑ ላይ አድርጎ ቀኑ እስኪመሽለት ይጠብቃል። ዜና ያያል፣ ኳስ ያያል፣ ሁሉም ይሰለቸዋል።

ጨዋታውን የላከለት ጀማል ነበር። አብሮ አደጉ ነው፤ መጋላ ሰፈር ውስጥ ቴሌቪዥንና ሬዲዮ ይጠግናል። «አቦ አስኔ፣ ሆዳሙን አገኘሁት!» የሚል መልእክትና አንድ ሊንክ ላከለት። አስናቀ መልእክቱን ሲያነብ ሳያስበው ሳቀ።

ልጆች ሳሉ ከሲኒማ ቤቱ ጎን ባለች ጠባብ አዳራሽ ውስጥ ከጅቡቲ የመጣ፣ ቁመቱ ሰው የሚያክል የጌም ማሽን ነበር። ስሙ የተጻፈበት መስታወት ተሰብሮ ስለነበር ትክክለኛ ስሙን የሚያውቅ አልነበረም። ስክሪኑ ላይ ሰማያዊ ግድግዳ ያላቸው መንገዶች ይጠላለፋሉ፤ በመንገዶቹ ላይ ነጫጭ ፍሬዎች ተዘርተዋል፤ ፊት የሌለው አንድ ነጭ ክብ ነገር እየዞረ ፍሬዎቹን ይለቅማል፤ አራት ጥላዎች ደግሞ ያሳድዱታል። ልጆቹ ለቃሚውን «ሆዳሙ»፣ አሳዳጆቹን «ዘበኞቹ» አሏቸው። ሕጉ ቀላል ነው። ሳትያዝ ፍሬዎቹን ሁሉ ለቅመህ ከጨረስክ ግድግዳዎቹ ብልጭ ድርግም ይሉና ሌላ መንገድ ይመጣል፤ አንዲት ፍሬ እንኳ ከቀረች ግን አይከፈትልህም።

አስናቀ ወዲያው ደወለለት። «ያ ማሽን እኮ ተሰባብሮ ከተጣለ ስንት ዘመኑ! ከየት አመጣኸው?»

«ሳጥኑን ተወው» አለ ጀማል በደስታ። «ሰዎች ውስጡ የነበረውን ፕሮግራም ገልብጠው ኢንተርኔት ላይ አስቀመጡት። ኢሙሌተር ይሉታል። ኮምፒውተርህ ‹እኔ ያ ማሽን ነኝ› ብሎ ያስመስላል፤ ጨዋታው ደግሞ እስከ ዛሬ ሳጥኑ ውስጥ ያለ ይመስለዋል። የት እንዳለ አያውቅም እኮ አቦ! ምን እንደሆነም አያውቅም።»

የመጀመሪያዎቹ ቀናት ደስ የሚሉ ነበሩ። ጣቶቹ የቀስት ቁልፎቹ ላይ እንዳረፉ የልጅነት ጥበባቸውን ያለ አስታዋሽ አገኙት፤ የቱ ዘበኛ ቀድሞ እንደሚዞር፣ የቱ ጥግ ላይ እንደሚያመነታ ሁሉ ትዝ አለው። እግሩን ረሳው። ማኅቶት እንዳትነቃ ድምፁን ዘግቶ ነበር የሚጫወተው፤ ቢሆንም ሆዳሙ ፍሬ በለቀመ ቁጥር የሚያሰማው «ቅም፣ ቅም፣ ቅም» ይሰማው ነበር። ከልጅነቱ ጆሮው ውስጥ የቀረ ነው ብሎ ግድ አልሰጠውም። አንድ ቀን ላፕቶፑን ከድኖ ራሱን ወደ ኋላ ጥሎ ዓይኑን ሲጨፍን ግን ድምፁ አልቆመም። ቀስ ያለ፣ እርጥብ፣ የማይቸኩል ድምፅ ከኮሪደሩ በኩል ይመጣል፤ አንዴ ቀረብ፣ አንዴ ራቅ ይላል። ፍሪጁ ነው አለ ለራሱ። ክራንቹን ይዞ ተነስቶ እስከ ወጥ ቤቱ ሲሄድ ድምፁ ጠፋ። ፍሪጁን ከፈተው፤ ውስጡ ጨለማ ነበር። መብራት ከጠዋት ጀምሮ ጠፍቷል።

ከዚያ የጨዋታው መንገዶች ይለወጡ ጀመር። መጀመሪያ አንድ ግድግዳ እሱ በማያስታውሰው ቦታ ላይ ተከፍቶ አገኘው፤ ቀጥሎ ሁለት መንገዶች ተዘግተው ጠበቁት። የተለያየ ዓይነት ቅጂ ይኖራል ብሎ አለፈው። አስናቀ መንገድን በምልክት ሰሌዳ ሳይሆን በመታጠፊያው የሚያውቅ ሰው ነው፤ ሃያ ዓመት የነዳበትን ኩርባ መሪው ይነግረዋል። አንድ ከሰዓት ሆዳሙን በመካከለኛው ረጅም መንገድ እየነዳ ሳለ መንገዱ ያለ ምንም ምክንያት እንደ ክርን ታጠፈ፤ ጣቱም ሳያስበው ቀድሞ ታጠፈ። ከስክሪኑ ላይ ቀና ብሎ በተከፈተው የሳሎን በር ወደ ኮሪደሩ ተመለከተ። ጨለማው ውስጥ የመታጠቢያ ቤቱ በር ነጭ ጠርዝ ይታያል፤ ኮሪደሩ እዚያ ጋ ነው የሚታጠፈው። ዓይኑን መለሰ። ግራና ቀኝ የተደረደሩት ባዶ አራት ማዕዘኖች ሳሎኑ፣ መኝታ ቤቱ፣ ወጥ ቤቱ፣ ዕቃ ቤቱ ነበሩ። የሚጫወተው የገዛ ቤቱ ውስጥ ነው።

መዝጋት ነበረበት። እጁም ሊዘጋ ሄዶ ነበር። ግን ፍሬዎቹ ሊያልቁ ትንሽ ቀርቷቸው ነበርና እነሱን ልጨርስና እዘጋለሁ አለ። ለቀመ፣ ለቀመ፤ አንዲት ብቻ ቀረች። የቀረችውም በመንገዱ መጨረሻ፣ ከጓሮው በር አጠገብ ባለችው ትንሽ አራት ማዕዘን ውስጥ ነበረች። ሆዳሙን ወደዚያ ሲነዳው ዘበኞቹ ሌላ ቦታ ላይ አሳይተውት በማያውቁት ፍጥነት ከአራት አቅጣጫ መጡና ደፉ ላይ ያዙት። ደግሞ ጀመረ፤ ደግሞ እዚያው ደፍ ላይ ተያዘ። በሚቀጥለውም ቀን፣ በሚቀጥለውም።

«አባዬ፣ ይቺ ለምንድን ነው ብቻዋን የቀረችው?»

ደነገጠ። ማኅቶት ከእንቅልፏ ተነስታ በባዶ እግሯ ከኋላው ቆማ ነበር።

«እነዚህ አራቱ አያስገቡኝም፤ እየጠበቁብኝ ነው የኔ እናት» አላት።

ልጅቷ ስክሪኑን ለረጅም ጊዜ አየችው። «ተዋት» አለችው ቀስ ብላ። «ፈርታለች።»

«ፍሬ ይፈራል እንዴ?» ብሎ ሊስቅ ወደ እሷ ዞረ። ማኅቶት ግን ስክሪኑን ትታ የሱን አፍ ነበር የምታየው።

በዚያው ሰሞን ጫጩቶቹ መጉደል ጀመሩ። ወሰንየለሽ ድመት ነው አለች፤ ሽቦ ገዝታ ቤታቸውን አጠረችው። ሽቦው ሳይነካ ጫጩቶቹ ጎደሉ። ማኅቶት ስታለቅስ አስናቀ አንጀቱ ስላልቻለ ከምሳ በኋላ ጓሮ በር ላይ ወንበር አውጥቶ ድመቱን ሊጠብቅ ተቀመጠ። ሙቀቱ አንገቱን አስደፋው፤ ቅም፣ ቅም የሚለው ድምፅ ከሆነ ቦታ ይሰማዋል፤ ብርሃኑ ዓይኑ ውስጥ ሰማያዊ መስመር ይሠራል። ቀና ሲል ሳሎን ውስጥ ነው፤ ላፕቶፑ ጭኑ ላይ ነው፤ ወሰንየለሽ ከሥራ ተመልሳ ከፊቱ ቆማለች። እጇን ዘርግታ ከሸሚዙ ኮሌታ ላይ የሆነ ነገር አነሳች። ቢጫ፣ ለስላሳ፣ ከጥጥ የቀለለ ላባ ነበር። በሁለት ጣቷ ይዛ ብዙ አየችው።

«ዛሬ የት ነበርክ?» አለችው።

«በዚህ እግሬ የት እሄዳለሁ ወሰን?»

መጀመሪያ ጥግ ላይ የተደገፈውን ክራንች፣ ቀጥሎ ትራሱ ላይ የተሰቀለውን ባዶ እግሩን አየች። ውስጥ እግሩ በጓሮ አፈር ቀልቶ ነበር።

ከዚያ በኋላ ኮሪደሩ ላይ ሰው መመላለስ ጀመረ። ቀን፣ መዝጊያዎቹ ተዘግተው ጨለማው ሲረጋ፣ አስናቀ ዱካ ይሰማል። ጫማ የለውም፤ ቆዳ ሲሚንቶ ላይ ሲለጠፍና ሲላቀቅ የሚያሰማው ዓይነት ነው። ከበረንዳው ይነሳል፣ በየክፍሉ በር ላይ ትንሽ ይቆማል፣ መታጠፊያው ጋ ይዘገያል፣ ወደ ጓሮው በር ይቀጥላል። ከዱካው ጋር ሽታ ይመጣል፤ ያ ጠባብ አዳራሽ የነበረው ሽታ፣ የጋለ ሽቦና የተቃጠለ አቧራ፣ የተጨናነቁ ልጆች ላብ። አስናቀ ሊያዳምጥ ትንፋሹን ሲይዝ ዱካውም ይቆማል። «ማነው?» ብሎ ሲጣራ ድምፁ ጣሪያው ጋ ደርሶ ተመልሶ ይመጣል። ዘበኞቹ ናቸው ብሎ አመነ። ከስክሪኑ እንዴት እንደወጡ አልጠየቀም፤ የሚፈልጉትን ግን ያወቀ መሰለው፤ በየቀኑ ወዴት እንደሚሮጡ በዓይኑ አይቷልና።

ማኅቶት ቀን መተኛት ተወች። አንድ ቀን ሊያያት ወደ ክፍሏ ሲገባ አልጋዋ ባዶ ነበር። ሲፈልግ ቁም ሳጥኑ ውስጥ፣ ከተሰቀሉት ልብሶች ጀርባ፣ ጉልበቷን አቅፋ ተኮራምታ አገኛት። እጇን ሲይዛት እንደ እንጨት ደረቀችበት።

«ማንን ፈርተሽ ነው ማሂዬ? ንገሪኝ።»

ልጅቷ ፊቷን ጉልበቷ ውስጥ ደበቀች። «ኮሪደሩ ላይ የሚሄደውን።»

እሷም ትሰማለች ማለት ነው! አስናቀ ሊያቅፋት ጎተታት፤ ጸጉሯ የሳሙናና የፀሐይ ሽታ ነበረው፤ ልቧ ደረቱ ላይ እንደ ተያዘች ወፍ ይመታል። «እኔ እያለሁ ማንም አይነካሽም» አላት። ይህን ሲላት አፉ በምራቅ ተሞልቶ ነበርና ቃሉ ተኮላተፈበት። ማኅቶት አላቀፈችውም።

በማግስቱ ጠዋት ባጃጅ ይዞ መጋላ፣ ጀማል ቤት ሄደ። ስለ ጨዋታው ካወሩ ወዲህ ጀማል ስልክ አንስቶለት አያውቅም ነበር። የጀማል ግቢ በሩ ክፍት ነው፤ ቤቱ ውስጥ ወንበርና ጠረጴዛው ሁሉ ወደ ግድግዳ ተገፍቶ መሃሉ ባዶ ሆኗል። ጀማል በባዶ እግሩ ከክፍል ወደ ክፍል ይዞራል። ከስቶ ሸሚዙ ትከሻው ላይ ተንጠልጥሏል፤ ጉንጩ ግን ከወዲያ ወዲህ ይንቀሳቀሳል። እንደ ሌላው የድሬ ሰው ጫት ይዞ ነው ብሎ አስናቀ ወለሉ ላይ ቅጠሉን ፈለገ። ምንም ቅጠል አልነበረም።

«ግባ አቦ» አለ ጀማል ሳይቆም። «አብረኸኝ እየሄድክ አውራኝ። መቆም አልችልም።»

«ምን ሆነሃል አንተ?»

«ደህና ነኝ። አንተስ የት ደረስክ?»

«አንዲት ቀርታኛለች። አያስገቡኝም» አለ አስናቀ፤ ክራንቹን እያንኳኳ ይከተለዋል።

ጀማል ትከሻው ላይ ዞር ብሎ አየው፤ ዓይኑ ላይ እንባ የሚመስል ነገር ነበር። «እኔ በላኋት።»

«እና?»

«ግድግዳው ብልጭ ድርግም አለ። ከዚያ ሌላ ቤት መጣ። እዚያም ፍሬ አለ አስኔ። ያኔ ስንጫወት ያልቃል ብለን ነበር እኮ… አያልቅም።»

አስናቀ የጓደኛውን ሚስት በዓይኑ ፈለገ። «ፈሪሃስ? ልጆቹስ የት ናቸው?»

«ሐረር፣ እናቷ ጋ ሄደች። ሁለቱን ይዛ።» ጀማል ይህን ሲል ድምፁ ባዶ ነበር፤ ከሌላ ሰው ሰምቶ የሚያወራ ይመስላል። «ፈሩ። ምን እንዳስፈራቸው ጠየቅኋቸው፤ አልነግር አሉኝ።»

«ጀማል፣ ዛሬውኑ ብተወውስ? ላፕቶፑን ብሰብረውስ?»

ጀማል ሲያልፍ በአገጩ ወደ ጥጉ አመለከተው። የሱ ኮምፒውተር እዚያ ነበር፤ ስክሪኑ ተሰባብሮ፣ ገመዱ ተነቅሎ፣ ላዩ ላይ በጣት የሚያስጽፍ አቧራ ጠጥቶ። «እኔም ሰብሬዋለሁ» አለ፤ ወደ ሌላው ክፍልም አለፈ።

ባጃጁ የአሸዋውን ወንዝ ድልድይ ሲሻገር ነው አስናቀ ያስታወሰው። የጀማል ልጆች ሦስት ነበሩ። ሦስተኛዋ ትንሿ ሐናን ናት፣ ባለፈው በዓል የጭነት መኪናው ጋቢና ውስጥ ተቀምጣ ጡሩምባ ካላስነፋኸኝ ያለችው። ለፈሪሃ ደወለ። «እንዴት ናችሁ ፈሪሃ፣ እኔ ነኝ አስናቀ» ሲላት ከወዲያ በኩል ትንፋሽ ብቻ ተሰማ፤ ስልኩም ተዘጋ። አስናቀ ባጃጁ ውስጥ ፊቱን በእጁ ሸፍኖ አለቀሰ። ያቺን ፍሬ እንደማይነካት በልጁ ስም ማለ።

ቤት ሲደርስ ላፕቶፑ የለም። ወሰንየለሽ ወስዳዋለች። በዚያው ቀን ወንድሟ ተካልኝ ሻንጣ ይዞ መጣ፤ እግርህ እስኪድን ላግዝህ ነው አለው፤ ግን የመጣው በሱ ላይ ዓይን ሊጥል ይመስል ከሄደበት ሁሉ አይለየውም። ጎረቤታቸው እትዬ ዘይነባና ባለቤታቸው ጋሽ ኢብሮ አመሻሽ ላይ ይመጣሉ፤ አራቱ ወጥ ቤት ውስጥ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ያወራሉ፤ የክራንቹን ኳኳታ ሲሰሙ ዝም ይላሉ። ማኅቶት ከትምህርት ቤት መልስ እትዬ ዘይነባ ቤት እንድትውል ተደረገ፤ ክፍሏ ቀን ቀን ይቆለፋል፤ ቁልፉን ወሰንየለሽ አንገቷ ላይ አንጠልጥላዋለች።

«ከኔ ነው የምትደብቁት?» አላት አንድ ምሽት።

ሚስቱ እጁን ያዘችው፤ ከብዙ ቀን በኋላ የመጀመሪያ ጊዜዋ ነበር። «አስኔ፣ ነገ ሐኪም ቤት እንሂድ። እባክህ። ሰው ትሆናለህ» ብላ አለቀሰች። እሱ ግን የሰማው ሌላ ነገር ነው፤ እሷም ዱካውን ሰምታ ልጇን እየደበቀች ነው ብሎ ተጽናና። በሩን በመቆለፏ እንዲያውም ደስ አለው።

ላፕቶፑ አያስፈልገውም ነበር። ዓይኑን ሲጨፍን መንገዱ ይመጣል፤ ሲከፍተውም አይሄድም። ጨለማው ውስጥ የግድግዳው ጠርዞች በቀጭን ሰማያዊ መስመር ይበራሉ፤ ኮሪደሩ ባዶ ነው፣ ተለቅሞ ያለቀ መንገድ ነው፤ ከመጨረሻው፣ ከጓሮው በር አጠገብ ግን አንዲት ነጭ ነገር አንዳንዴ ትበራለች፣ አንዳንዴ ትጠፋለች። ስትጠፋ ሆዱን ይቆርጠዋል። ስትበራ እንባው ይመጣል።

ያን ቀን ሙቀቱ ከሌላው ጊዜ ሁሉ የከፋ ነበር። ወሰንየለሽ ሥራ ሄዳለች፤ ሰሞኑን ግን ከምሳ በኋላ ልጇን ልታይ እትዬ ዘይነባ ቤት ብቅ ትላለች፤ ተካልኝ በረንዳው ላይ ተቀምጦ ሲጠብቀው ቆይቶ እንቅልፍ ጥሎታል። አስናቀ ሳሎን ውስጥ ተጋድሞ ሳለ የጓሮው በር ሲጥ ሲል ሰማ። ትናንሽ ነጠላ ጫማዎች ጥፍ፣ ጥፍ አሉ። ጥሬ መሬት ላይ ሲበተን፣ የቀረችው አንዲት ጫጩት ስትጮህ፣ «እሺ፣ እሺ፣ መጣሁልሽ» የሚል የልጅ ሹክሹክታ ሰማ። ማኅቶት ከእትዬ ዘይነባ ቤት ሾልካ ጫጩቷን ልትመግብ መጥታለች።

ኮሪደሩ መጨረሻ ላይ ነጯ ብርሃን በራች።

በዚያው ቅጽበት የግቢው በር ተበረገደ። ዱካ መጣ፤ የአንድ አይደለም፣ የአራት ነው። አንዱ ከበረንዳው እየተደናበረ ተነሳ፤ አንዱ በወጥ ቤቱ በኩል ገባ፤ አንዱ በጓሮ ዞረ፤ አንዱ ኮሪደሩ ላይ ቀጥ ብሎ ይሮጣል። መጡ። ሊወስዷት መጡ። አስናቀ ተነሳ። ክራንቹ መሬት ላይ ወድቆ ሲንከባለል ከኋላው ሰማው፤ እግሩን ግን አላመመውም፤ እግር ያለውም አይመስለውም ነበር። ወለሉ በራሱ የሚወስደው ይመስል በሰማያዊዎቹ መስመሮች መሃል ተንሸራተተ፤ መታጠፊያውን ሳያየው ታጠፈ። የጓሮው በር ወለል ብሎ ተከፍቶ ነበር፤ ደፉ ላይ አንድ ነጠላ ጫማ ተገልብጣ ቀርታለች። የልጁ ክፍል በር ግን ተቆልፎ፣ ወደ ኮሪደሩ የሚከፈተው ትንሽ መስኮት ብቻ ተገፍቶ ነበር፤ በዚያ ሾልካ ገብታለች። በሩን በትከሻው ሲነካው ጣውላው እንደ ብስኩት ተፈረከሰ። ምን ያህል ኃይል እንዳለው ሲያይ በራሱ ተገረመ፤ ለልጁ ሲል አባት የማይሆነው የለም አለ።

ክፍሉ ጨልሟል። አልጋው ባዶ ነው። ቁም ሳጥኑን ከፈተ፤ ልብሶቹን አንድ በአንድ ገለጠ፤ የለችም። ከሆነ ቦታ ግን የታፈነ፣ የተቆራረጠ ትንፋሽ ይመጣል። የሳሙናና የፀሐይ ሽታ ክፍሉን ሞልቶታል።

«ማሂዬ» አለ በሹክሹክታ። «አባዬ ነኝ። አትፍሪ። መጥተዋል፤ ሳይደርሱብሽ ልደብቅሽ ነው። የት ነሽ የኔ እናት?»

ትንፋሹ ቆመ። አልጋው ሥር አቧራው ትንሽ ተንቀሳቀሰ።

አስናቀ ቀስ ብሎ ተንበረከከ፤ ምራቁ አገጩ ላይ ሲወርድ በእጁ ጀርባ ጠረገው። ከኋላው፣ ከተሰበረው በር ማዶ፣ አራቱ ዱካዎች ደፉ ጋ ደርሰው በአንድ ላይ ቆሙ፤ ሲያለከልኩ ይሰማል፤ አንደኛዋ ልቅሶዋን በመዳፏ አፍና ይዛለች።

«ቀስ በሉ» አለች ሚስቱ ወሰንየለሽ፣ ለሌሎቹ ብቻ በሚሰማ ሹክሹክታ፤ «ገና አላገኛትም።»